ኢትዮጵያን ሳታይ "ኢትዮጵያ"ን የቀረጸች ሴት

ይህ በአንድ የኢትዮጵያውያን የባህል ምሽት ላይ ያደረግሁት ንግግር ነው። ለንባብ እንዲመች ጥቂት አስተካክዬዋለሁ። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

እንደምን አመሻችሁ እናቶች፣ አባቶች፣ እህቶችና ወንድሞች።

ወሬዬን ከመጀመሬ በፊት ግድግዳው ላይ ያለውን ፎቶ ተመልከቱልኝ። ሴት ናት። ቆማለች። ራሷ ላይ የግብጽ ፈርዖኖች የሚያደርጉት ዓይነት መሸፈኛ አለ። ከወገቧ በታች እንደ አስከሬን ተገንዛለች፤ እግሮቿ አይለዩም። ከወገቧ በላይ ግን ሕይወት አላት። አንገቷን ወደ ጎን መለስ አድርጋለች። አንድ እጇ ደረቷ ላይ ነው። ቁመቷ የሰው ቁመት ያህል ነው፣ 1 ሜትር ከ70 ገደማ። ከነሐስ የተሠራች ናት።

የሐውልቱ ስም "ኢትዮጵያ" ነው። "የኢትዮጵያ መንቃት" የሚሉትም አሉ።

ይህን ፎቶ መጀመሪያ ያየሁት ተማሪ ሳለሁ ነው። እውነቱን ልንገራችሁ፣ ከፋኝ። "ይቺ ደግሞ የየት አገር ኢትዮጵያ ናት?" አልኩ። ሹሩባ የለ፣ ጥበብ ቀሚስ የለ፣ መስቀል የለ። የግብጽ ልብስ ለብሳ የእኛን ስም ይዛለች። ገጹን ገልጬ አለፍኩ። የተመለስኩበት ከብዙ ዓመት በኋላ የቀራጺዋን ታሪክ ሳነብ ነው። ዛሬ የማወራላችሁ ያኔ ስላልገባኝ ነገር ነው።

ቀራጺዋ ሜታ ቮ ዋሪክ ፉለር ትባላለች። ሰኔ 9 ቀን 1877 ፊላደልፊያ ተወለደች። አሜሪካ ውስጥ ባርነት በሕግ ከተሻረ ገና 12 ዓመቱ ነበር። የእሷ ቤተሰብ ግን ከብዙዎቹ ጥቁሮች የተሻለ ኑሮ ነበረው። አባቷ ፀጉር አስተካካይ ነበር፣ የድግስ ምግብም ያዘጋጅ ነበር። እናቷ የሀብታም ነጭ ሴቶችን ፀጉር ትሠራለች። "ሜታ ቮ" የሚለው ስም ራሱ የእናቷ ደንበኛ የነበረች የአንድ ባለሥልጣን ልጅ ስም ነው። ይህን ያነሳሁት ያለ ምክንያት አይደለም። ሜታ ያደገችበት ቤት በእጅ ጥበብ እንጀራውን የሚበላ ቤት ነው። አባትም እናትም ቀኑን ሙሉ የሰው ራስ በእጃቸው ይዘው ይውላሉ። ማታ ማታ ደግሞ አያቷና ታላቅ ወንድሟ የሙታንና የመናፍስት ተረት ያወሩላታል። ከዚህ ቤት ቀራጺ ቢወጣ አይገርመኝም። ያውም መከራና ሞትን የማትፈራ ቀራጺ።

ፊላደልፊያ በሚገኝ የጥበብ ትምህርት ቤት ነጻ የትምህርት ዕድል አግኝታ ተማረች። በ1899 ወደ ፓሪስ ሄደች። 22 ዓመቷ ነበር።

ፓሪስ እንዴት እንደተቀበለቻት ስሙ። ለአሜሪካውያን ሴት ተማሪዎች የተዘጋጀ ማደሪያ ነበር። ቦታ ተይዞልኛል ብላ ሻንጣዋን ይዛ ሄደች። ጥቁር መሆኗ ሲታይ አናስገባም አሏት። የመለሷት ፈረንሳዮቹ አይደሉም፣ የራሷ አገር ሰዎች ናቸው። ውቅያኖስ ተሻግራ ሄዳ ያው የአገሯ በር ተዘጋባት። ሌላ ማደሪያ እንድታገኝ የረዳት ሄንሪ ኦሳዋ ታነር የሚባለው ጥቁር አሜሪካዊ ሠዓሊ ነው። እሱ ቀደም ብሎ ፓሪስ ገብቶ ስም ያገኘ ሰው ነበር። እዚህ ከተቀመጣችሁት መካከል ስንቶቻችሁን ቀድሞ የመጣ የአገር ልጅ ከኤርፖርት ተቀብሎ አሳድሯችኋል? እንግዲህ ታነር ለሜታ እንዲያ ያለ ሰው ነበር።

በፓሪስ ሥዕልም ቅርጽም ተማረች። በ1902 አንድ ትንሽ ሥራዋን ይዛ ወደ ኦጉስት ሮዳን ሄደች። ሮዳን በዚያን ጊዜ በዓለም አንደኛ የሚባል ቀራጺ ነው። የወሰደችለት ሥራ የገዛ ልቡን የሚበላ ሰው ነበር። ሮዳን ሥራውን አገላብጦ አየው። ከዚያ "አንቺ ቀራጺ ነሽ፤ ቅርጽ የሚሰማሽ በጣቶችሽ ውስጥ ነው" እንዳላት ይነገራል።

ይህን "ጣት" የሚለውን ነገር ያዙልኝ። ብዙ ጊዜ እንመለስበታለን።

ከዚያ በኋላ በሮች ተከፈቱላት። ታዋቂው የጥበብ ነጋዴ ዚግፍሪድ ቢንግ በጋለሪው ሥራዎቿን አሳየላት። "ጎስቋሎቹ" የሚባለው ሥራዋ በ1903 በትልቁ የፓሪስ ኤግዚቢሽን ቀረበ። ሰባት የተለያየ መከራ የተሸከሙ ሰዎች በአንድ ጉብታ ላይ ተሰብስበው የሚታዩበት ነው። የፈረንሳይ ጋዜጦች "የአሰቃቂ ነገሮች ቀራጺ" አሏት። ከአያቷ ተረት እስከ ፓሪስ ጋዜጣ፣ መንገዱ ቀጥ ያለ ነው።

ወደ ፊላደልፊያ ስትመለስ ግን የከተማው የጥበብ ነጋዴዎች ፊት ነሷት። የፓሪስ ስሟ እዚያ አልሠራላትም። ከዚያ በ1907 በቨርጂኒያ ግዛት የጄምስታውን 300ኛ ዓመት ኤግዚቢሽን ሲዘጋጅ የጥቁሮችን ታሪክ በትናንሽ ምስሎች እንድታሳይ ሥራ ተሰጣት። በ1619 በመርከብ ከመጡት ባሪያዎች ጀምራ እስከ ኮሌጅ ምርቃት ድረስ በተከታታይ ትዕይንቶች ሠራችው። ምስሎቹ ከመቶ በላይ ነበሩ። ከአሜሪካ ፌዴራል መንግሥት የጥበብ ሥራ የታዘዘላት የመጀመሪያዋ ጥቁር ሴት እሷ ናት ይባላል። ከእነዚያ ምስሎች ዛሬ የተረፈ የለም።

ስለ ጥፋት ካነሳሁ አይቀር፣ የሙያውን ነገር ትንሽ ላስረዳ። አንድ ቀራጺ መጀመሪያ በጭቃ ይሠራል። ጭቃው ይደርቅና ይሰነጠቃል፤ ስለዚህ ፎርማ ተወስዶለት በጄሶ ይገለበጣል። ጄሶ ደግሞ ቢወድቅ ይሰበራል፣ ውሃ ቢነካው ይበላሻል። ዘመን የሚሻገረው ነሐስ ሲሆን ነው። ነሐስ ማስፈሰስ ግን ብዙ ብር ይጠይቃል። ገንዘብ ያለው አዛዥ የሌለው ቀራጺ ዕድሜ ልኩን የጄሶ ክምር ይዞ ይኖራል። የሜታ ዕጣ ይህ ነበር።

በ1909 ሰለሞን ካርተር ፉለር ከሚባል ሐኪም ጋር ተጋባች። ይህ ሰው ለብቻው ንግግር የሚገባው ነው። ላይቤሪያ፣ ሞንሮቪያ ውስጥ የተወለደ የአእምሮ ሐኪም ነው። ጀርመን፣ ሙኒክ ሄዶ ከአሎይስ አልዛይመር ጋር ሠርቷል። ዛሬ በየቤታችን የምናውቀውን የመርሳት በሽታ በዓለም መጀመሪያ ካጠኑት ሰዎች አንዱ ነው። ባልና ሚስቱ ማሳቹሴትስ፣ ፍሬሚንግሃም የሚባል ከተማ ቤት ሊይዙ ሲሉ ነጭ ጎረቤቶች እንዳይገቡ ተቃወሙ። እነሱ ግን ገቡ። እዚያው ሦስት ወንዶች ልጆች አሳደጉ፣ እዚያው አረጁ።

በ1910 ፊላደልፊያ ውስጥ አንድ መጋዘን ተቃጠለ። የሜታ ሥራዎች በብዛት የተቀመጡት እዚያ ነበር። የፓሪሶቹ፣ የተማሪነቷ፣ መሣሪያዎቿም ሳይቀሩ አመድ ሆኑ። የ16 ዓመት ልፋት ነው። እኔ ይህን ክፍል ባነበብኩ ቁጥር ልቤ ይደማል። ሥዕል ቢጠፋ ፎቶው ቢቀር ትንሽ ያጽናናል። ቅርጽ ግን ዙሪያውን የሚታይ ነገር ነው። ከአንድ አቅጣጫ የተነሳ ፎቶ ጀርባውን አይነግራችሁም። ያኔ ነፍሰ ጡር ወይ የሕፃን ልጅ እናት በምትሆንበት ዕድሜ ላይ ነበረች። ባሏም አብዝቶ እንድትሠራ አይፈልግም ነበር። ሥራውን ብትተወው ማን ይፈርድባት ነበር?

እንደገና እንድትጀምር የገፋት ደብዳቤ ከዱ ቦይስ መጣ። ዱ ቦይስ የጥቁር አሜሪካውያን ትልቁ ምሁር ነው፤ ሜታን ከፓሪስ ጀምሮ ያውቃታል። በ1913 የባሪያ ነጻነት አዋጅ 50ኛ ዓመት በኒው ዮርክ ሲከበር አንድ ሐውልት እንድትሠራ ጠየቃት። "ነጻነት" የሚባለውን ሥራዋን ሠራች።

እስከዚያን ጊዜ ስለ ነጻነት የተሠሩ ሐውልቶችን አይታችሁ ከሆነ አንድ ዓይነት ናቸው። ባርነትን የሻረው ፕሬዚዳንት ሊንከን ቆሟል። ጥቁሩ ሰው እግሩ ሥር ተንበርክኳል። የተበጠሰ ሰንሰለት መሬት ላይ ወድቋል። ሜታ ሊንከንን አላስገባችም። ሰንሰለቱንም ተወችው። የሚንበረከክ ሰውም የለም። አንድ ወጣት ወንድና አንዲት ወጣት ሴት ጎን ለጎን ቆመዋል። ከኋላቸው የምታለቅስ ሴት አለች፤ እሷ ሰብአዊነት ናት። ከበላያቸው ዛፍ አለ። የዛፉ ቅርንጫፎች የተጣመሙ የዕጣ ፈንታ ጣቶች መሆናቸውን ራሷ ሜታ ጽፋለች። ልጆቹ ከእነዚያ ጣቶች ሥር ሳይፈሩ ወደ ዓለም ይወጣሉ።

ያው ጣት ነው እንግዲህ። እዚህ የሚይዝ፣ የሚያንቅ፣ አልለቅም የሚል ጣት ሆነ።

ቀጥሎ የመጣው ከሁሉ የሚከብደኝ ሥራዋ ነው። በ1918 ግንቦት ወር በጆርጂያ ግዛት ሜሪ ተርነር የምትባል ጥቁር ሴት ባሏ ያለ ፍርድ ተሰቅሎ ተገደለ። የገደሉትን እከሳለሁ ብላ ተናገረች። የ8 ወር ነፍሰ ጡር ነበረች። መንጋው እሷንም ያዛት። ያደረጉባትን እዚህ ልጆች ስላሉ አልናገርም። ሜታ በ1919 የሜሪ ተርነርን መታሰቢያ ሠራች። ትንሽ የጄሶ ሥራ ነው። ሴትዮዋ ልጇን ደረቷ ላይ አቅፋ ቆማለች። ከእግሯ ሥር እንደ እሳት ነበልባል የሚንቀለቀል ነገር አለ። ቀረብ ብላችሁ ስታዩት የሰው ፊትና እጅ ነው። መንጋው ነው። ሜታ በሕይወት እስካለች ድረስ ይህን ሥራ በነሐስ ያስፈሰሰላት አልነበረም።

እነዚህን ሁለት ሥራዎች ሳታዩ "ኢትዮጵያ"ን ብታዩ ላትረዷት ትችላላችሁ። እኔ የተሳሳትኩት እንዲህ ነው።

በ1921 ኒው ዮርክ ውስጥ አንድ ትልቅ ኤግዚቢሽን ተዘጋጀ። አሜሪካን አሜሪካ ያደረጓት ሕዝቦች እያንዳንዳቸው አስተዋጽኦዋቸውን የሚያሳዩበት ነው። ጥቁር አሜሪካውያንን የሚወክል ሐውልት እንድትሠራ ሜታ ተጠየቀች። ከአዘጋጆቹ አንዱ አሁንም ዱ ቦይስ ነው። ብዙ መጻሕፍት ሐውልቱ በ1914 እንደተሠራ ይጽፋሉ። በኋላ የተደረገ ጥናት ለ1921ዱ ኤግዚቢሽን የተሠራ መሆኑን አሳይቷል።

ታዲያ ጥቁር አሜሪካውያንን ወክይ ስትባል ስሙን "ኢትዮጵያ" ያለችው ለምንድን ነው?

መልሱን ከዳዊት እናገኘዋለን። "ኢትዮጵያ እጆችዋን ወደ እግዚአብሔር ትዘረጋለች።" ይህን የማያውቅ እዚህ አዳራሽ ውስጥ ያለ አይመስለኝም። ከአያቶቻችን አፍ ስንሰማው ያደግነው ነው። ይህንኑ ቃል በአሜሪካ የጥጥ እርሻ ላይ ያሉ ባሪያዎችም ያውቁት ነበር። እነሱ የሚያነቡት የእንግሊዝኛ መጽሐፍ ቅዱስ ደግሞ እኛ ዘንድ የሌለች አንዲት ቃል አለችው። "በቶሎ" ትላለች። ኢትዮጵያ በቶሎ እጆችዋን ትዘረጋለች። ለታሰረ ሰው ያቺ "በቶሎ" ምን እንደሆነች አስቡት። ስለዚህ "ኢትዮጵያ" ማለት ለእነሱ አፍሪካ በሙሉ ነው፣ ጥቁር ሕዝብ በሙሉ ነው። በኒው ዮርክ በ1808 ቤተ ክርስቲያን ሲያቋቁሙ አቢሲኒያን ባፕቲስት አሉት። በ1896 ደግሞ ዓድዋ መጣ። ስሙ ከመጽሐፍ ወጥቶ ሥጋ ለበሰ። በ1919 በደጃዝማች ናደው የተመራው፣ ብላቴን ጌታ ኅሩይም የነበሩበት ልዑክ አሜሪካ መጥቶ ፕሬዚዳንት ዊልሰንን ሲያነጋግር ጥቁር አሜሪካውያን በትልቅ ጉጉት ነው የተከታተሉት። ሜሪ ተርነር ከተገደለች አንድ ዓመት በኋላ መሆኑ ነው። ባለፈው ዓመት እንደ እነሱ ያለ ሰው በመንጋ ተገደለ፤ በዚህ ዓመት እንደ እነሱ ያለ ሰው በክብር ዋይት ሀውስ ገባ።

ሜታ ኢትዮጵያን አላየችም። የቀረጸችው አገሩን አይደለም፣ ስሙን ነው።

እዚህ ላይ የራሳችን ቋንቋ ይረዳናል። ነሐስ ሲፈስ እንዲህ ነው። ቀራጺው ቅርጹን በሰም ያወጣል። ሰሙን በጭቃ ይሸፍነዋል። ጭቃው ሲተኮስ ሰሙ ቀልጦ ይወጣል፤ በቦታው የቀለጠው ብረት ይገባል። የእኛ አንጥረኞችም የወርቅ ጌጥ የሚሠሩት እንዲሁ ነው። ቅኔያችን ሰምና ወርቅ የሚለውን ከዚህ ነው የወሰደው። ሰሙ መልክ ይሰጣል፣ ወርቁ ይቀራል። እንግዲህ የሜታ ሐውልት ቅኔ ነው። የግብጽ መሸፈኛው፣ መግነዙ፣ ስሙ ሰም ነው። ወርቁ የአሜሪካ ጥቁር ሕዝብ ነው። የጥንት ታሪክ ነበረው፤ በባርነት ተገነዘ፤ ሞተ ተባለ። አሁን ደግሞ እየነቃ ነው። እኔ ተማሪ ሳለሁ ሰሙን አይቼ ነው የተቆጣሁት።

አሁን ወደ እጇ እንምጣ። ፎቶውን እንደገና እዩት። ዳዊት እጆችዋን ትዘረጋለች ይላል። የሜታ ኢትዮጵያ ግን እጇን ወደ ላይ አልዘረጋችም። አንዱ እጅ ደረቷ ላይ ነው፣ የመግነዙ ጫፍ ያለበት ቦታ። ሜታ ስለዚህ ሥራ ስትጽፍ፣ በአንድ ወቅት ታሪክ የሠራ ሕዝብ ከረጅም እንቅልፍ ነቅቶ የተገነዘበትን ጨርቅ ቀስ በቀስ እየፈታ ሕይወትን እንደገና ይመለከታል ብላለች። ቃሉን ልብ በሉት፣ "እየፈታ" ነው። አልዓዛር ከመቃብር ሲወጣ እጅና እግሩ በመግነዝ ታስሮ ነበር። ጌታ "ፍቱት" ብሎ ሰዎቹን አዘዘ። ይቺን ሴት ግን የሚፈታት ሌላ ሰው በአጠገቧ የለም። ሊንከን የለም። ራሷ ነች የምትፈታው። ገና ደግሞ አልጨረሰችም። ከወገቧ በታች እንደታሰረች ናት። በ1921 የጥቁር አሜሪካውያን ኑሮ ልክ እንደዚያ ነበር።

ሥራው የሃርለም መነቃቃት የሚባለው ትልቅ የጥበብ ዘመን ገና ሲጀምር የተሠራ ነው። ከዚያ በኋላ የመጡት ጥቁር አርቲስቶች ወደ አፍሪካ ፊታቸውን ሲያዞሩ ሜታ ቀድማ እዚያ ቆማ ነበር። ዛሬ ትልቁ የነሐስ ቅጂ ኒው ዮርክ፣ ሃርለም በሚገኘው፣ የጥቁሮችን ታሪክና ባህል በሚያጠናው የሾምበርግ ማዕከል ንብረት ነው። ማዕከሉ 135ኛው ጎዳና ላይ ነው። አቢሲኒያን ባፕቲስት ቤተ ክርስቲያን ደግሞ 138ኛው ጎዳና ላይ ነው። በእግር ጥቂት ደቂቃ ነው።

የቀረውን ዕድሜዋን በአጭሩ ልንገራችሁ። ለብዙ ዓመት የሠራችው ቤቷ ጣሪያ ሥር ባለች ክፍል ነው። በ1929 ከቤቷ ብዙ በማይርቅ ኩሬ ዳር በራሷ ገንዘብ ስቱዲዮ አሠራች። ግንባታው እስኪያልቅ ባሏ አላወቀም ይባላል። እዚያ አስተማረች፣ ለቤተ ክርስቲያኗ ቅዱሳት ምስሎችን ሠራች፣ ለቲያትር መብራትና አልባሳት አዘጋጀች። በ1937 "የሚናገረው የራስ ቅል" የሚባለውን ሠራች። ከአፍሪካ ተረት የተወሰደ ነው፤ አንድ ልጅ ተንበርክኮ ከራስ ቅል ጋር ፊት ለፊት ይተያያል። የአያቷ ተረት በስልሳ ዓመቷ ተመልሶ የመጣ ይመስለኛል።

ከዚያ ባሏ ዓይኑ ጠፋ። ሥራዋን ትታ ስቱዲዮዋን ዘግታ አስታመመችው። እሱ በ1953 ሲያርፍ እሷ በሳንባ ነቀርሳ ታማ ነበር። ሁለት ዓመት ገደማ ሆስፒታል ተኛች። ጭቃ መንካት ስላልቻለች ግጥም ጻፈች። ስትድን ተመልሳ ጭቃዋን ያዘች። ሰማንያ ዓመቷ ነበር። በ1961 ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ሥራዋን በኤግዚቢሽን አሳየ። በነገራችን ላይ ይህ የእኛው ሠዓሊ እስክንድር ቦጎሲያን ከ1972 ጀምሮ ለሦስት አሥርት ዓመታት ገደማ ያስተማረበት ዩኒቨርሲቲ ነው። እሱም እንደ እሷ ፓሪስ ቆይቶ ወደ አሜሪካ የመጣ ነው። አልተገናኙም። ግን አንድ ግቢ ውስጥ የሁለቱም አሻራ አለ፤ ይህን ሳስብ ደስ ይለኛል።

ሜታ በ1968 በ90 ዓመቷ አረፈች። ፍሬሚንግሃም ውስጥ ዳንፎርዝ የሚባለው ሙዚየም ከስቱዲዮዋ የቀሩ ሥራዎቿን ይዟል። በከተማው አንድ መካከለኛ ደረጃ ትምህርት ቤት በእሷና በባሏ ስም ተሰይሟል።

በ1913 የሠራችው "ነጻነት" ግን በጄሶ እንደነበረ ቀርቶ ነበር። በ1999 በነሐስ ፈሰሰ። ከ86 ዓመት በኋላ ማለት ነው። አሁን ቦስተን፣ ሳውዝ ኤንድ፣ ኮሎምበስ አቬኑ ላይ በሃሪየት ተብማን ስም በተሰየመው አደባባይ ቆሟል። ቦስተን የምትኖሩ ልጆቻችሁን ይዛችሁ ሂዱ። ከፊት ለፊት ብቻ አይታችሁ አትመለሱ፤ ዙሩት። ከኋላ በኩል ዛፉን ታገኛላችሁ። ከፈቀዱላችሁ ቅርንጫፎቹን በእጃችሁ ንኳቸው፤ የሜታ ጣቶች ጭቃውን የጫኑበት ቦታ እስከ ዛሬ ይዳሰሳል።